የልጄ ጓደኞች ድግስ

ውሸት ለመፍጠር እንኳ አቅም የለኝም። ስለዚህ እመኑኝ... ይህ የሆነው ዛሬ ቀትር ላይ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ ኢሴይን ከተማ፣ በገዛ ግቢዬ ነው።

ሦስት ልጆች ቀብሬአለሁ። ሽማግሌዎቹ ግን "ሦስት አይደሉም፤ የምትመላለስብሽ አንዲት ናት" ይላሉ። እዚያ ማዶ፣ በሙታን ዘንድ፣ ጓደኞች አሏት... ይጠሯታል፣ ትሄዳለች።

አራተኛዋን ማሎሞ አልናት። በቋንቋችን ዳግመኛ አትሂጂ ማለት ነው። ይኸው ሦስት ዓመት ሳይሞላት እሷም በትኩሳት ተኛች።

አማቴ "ጓደኞቿን እናብላቸው፣ ይተዉልን ይሆናል" አሉ። የሰፈር ልጆች ተጠርተው ሲበሉ እነዚያ የማይታዩትም ተደባልቀው ይበላሉ፤ ወጉ እንዲህ ነው። አደንጓሬ በቀይ የዘንባባ ዘይት ሠርቼ፣ በየቅጠሉ አድርጌ፣ ምንጣፍ ላይ ደረደርኩ።

"ሙሽሪት..." አሉኝ በሹክሹክታ። አራት ወልጄም ሙሽሪት ነኝ። "የማን ልጅ ናችሁ ብለሽ እንዳትጠይቂ።"

"ለመጠየቅስ አቅሙ የት አለኝ፣ እማማ?"

"ምላስሽ ግን አልደከመም።"

ልጆቹ መጡ። ተሻሙ፣ ተገፋፉ፣ ሳቁ።

ከዚያ... ዝም አሉ።

ቀና ስል የጎረቤቶቼ ልጆች አጥሩ ሥር ተጠጋግተው ቆመዋል።

ምንጣፉ ላይ ግን ልጆች ተቀምጠው ይበላሉ...

አንዳቸውንም አላውቅም። ሲያኝኩ ድምፅ የላቸውም። ዝንቦቹ እንኳ ወደ ምግቡ አይጠጉም።

አንዷ ዞረች። የግራ ጆሮዋ ጫፍ ተቆርጧል።

ሦስተኛዋን ልጄን ስንቀብር አማቴ ናቸው የቆረጡት... ጓደኞቿ ተጸይፈው እንዲያባርሯት።

"ማሎሞን ተዉልኝ..." አልኩ። "እባክሽ፣ ይህችን እንኳ።"

አየችኝ። አዘነችልኝ።

"ደክሞሻል አይደል?"

"ደክሞኛል።"

እሺ በሚል ራሷን ነቀነቀች። እንባዬን ጠርጌ ሳይ... የሉም።

ወደ ቤት ሮጥኩ። ማሎሞ አልጋው ላይ ተቀምጣለች። ትኩሳቱ ለቋታል። አቅፌያት በደስታ አለቀስኩ።

"እማ፣ እኔን ትተውኛል" አለችኝ። "ላንቺ አንድ ቅጠል አስቀርተውልሻል። ብይና ነይ... ታርፊያለሽ ብለውሻል።"

ወጣሁ። ምንጣፉ መሀል አንድ ቅጠል አለ... ሙሉ፣ ያልተነካ።

አማቴ አጠገቡ ቆመው "ተበልቶ አለቀ፣ ተመስገን" ይላሉ። አይታያቸውም።

አሁን ሊመሽ ነው። ማሎሞ ከልጆች ጋር ትሯሯጣለች።

አደንጓሬው ግን አልቀዘቀዘም... አሁንም እንፋሎቱ ይወጣል።

እኔም ከጠዋት ጀምሮ እህል አልቀመስኩም።