የቀወቷ የጡት ልጅ

በ፲፱፻፺፱ ዓ.ም.፣ በግንቦት ወር፣ የቀወት ቆላ ሙቀት በርትቶ የማሾው ማሳ ባዶውን በተኛበት ወቅት፣ ባሏን ወባ የነጠቃት፣ እሷንም ደዌ የጣላት ወይዘሮ ደስታ የአምስት ዓመት ልጇን ብርቄን አዝላ ሸዋ ሮቢት ከጉዲፈቻ ድርጅቱ ቢሮ ደረሰች፤ በእጇም በስኒ ማር ይዛ ነበር።

ሕጉን ታውቀዋለች፤ የአገሯን ሕግ። ልጅ ለሌላ ሲሰጥ ተቀባዩ አውራ ጣቱን በማር ነክሮ ያጠባዋል፤ ልጁም የጡት ልጅ ይባላል፤ ሁለት ቤት ይኖረዋል እንጂ ከወላጁ አይቆረጥም።

«እመቤቴ፣ ጣትዎን ነክረው ያጥቡልኝ፤ ቃል ይሁነን፤ ክረምት ክረምት ያመጡልኛል» አለቻት ልጇን ልትወስድ የመጣችውን ፈረንጂት።

አስተርጓሚው ደረጄ፣ ይቅር ይበለውና፣ ቸኩሎ ነበር፤ «እየመረቀችሽ ነው» ብሎ አሳጠረው። ፈረንጂቱም እየሳቀች አጠባች። ደስታ ልቧ አርፎ፣ ያልተነበበላት ወረቀት ላይ የጣት አሻራዋን አኖረች፤ ወረቀቱ ግን «የእናትነት መብቴን ለዘለዓለም ትቻለሁ» ይል ነበር።

ክረምቱ መጣ፤ ብርቄ አልመጣችም። ደስታ ከሕመሟ ብትድንም መዳኗ አላስደሰታትም። በ፳፻፲ ዓ.ም. የውጭ አገር ጉዲፈቻ በሕግ ሲከለከል ጎረቤት ሁሉ «እሰይ» አለ፤ እሷ ግን «የኔዋን አይመልስልኝ» ብላ አለቀሰች።

በ፳፻፲፭ ዓ.ም. የካቲት፣ ብርቄ ፈረንጂቱን አስከትላ ከደስታ ደጅ ከባጃጅ ወረደች። አማርኛው ጠፍቷታል፤ የጎረቤት ልጅ መምህርት ራሕማ ልታስተረጉም ተጠራች። ብርቄ ቁጭ በይ ብትባል እምቢ አለች።

«ለምን እንደተወችኝ ጠይቂልኝ» አለቻት ራሕማን።

«አልተውኩሽም ልጄ! እናት ጨመርኩልሽ እንጂ!» አለች ደስታ፤ የማሩንም ነገር አንድ በአንድ ነገረቻት። ራሕማ ቃል ሳታስቀር ተረጎመች።

ፈረንጂቱ አፏን በእጇ ያዘች፤ «ገብቶኝ ቢሆን በየዓመቱ አመጣት ነበር» ብላ ተንሰቀሰቀች። ብርቄም ሄዳ ከደስታ እግር ሥር ተቀመጠች።

ደስታ የልጇን ጠጉር እየዳበሰች ቆየች፤ ተቆጥታ ነበር፤ የምትቆጣው ሰው ግን አጣች።

«እትዬ ደስታ፣ የሚሉት አለ?» አለች ራሕማ።

«የመጀመሪያው ጥርሷ መቼ ወለቀ? እስቲ ይንገሩኝ በያቸው።»

ፈረንጂቱ እንባዋን ጠርጋ ጀመረች፤ ፖም ስትገምጥ እንደወለቀ፣ ብርቄም ውጬው ይሆን ብላ ቤቱን በለቅሶ እንዳናወጠችው እስከ ማታ ድረስ አወጋች።

መዝገብ ቤቱ የፋይሏን ቁጥር፣ ታሪክም የክልከላውን ሕግ ይዘዋል፤ አንዲት እናት የልጇን ጥርስ መውለቅ ከአሥራ ስድስት ዓመት በኋላ በአስተርጓሚ ሰምታ እንደ ሳቀች ግን የጻፈው የለም።