ክር የሌለው ሲንጀር

ትርርር... ትክ። ትርርር... ትክ።

ማርቆስ ዓይኑን ሳይገልጥ አዳመጠ። ከግድግዳው ወዲያ ጎረቤቱ ፋሲካ የሟች አባቷን የጋሽ ተክለሃይማኖትን የስፌት ሲንጀር እየረገጠች ነው። እናቱን ከቀበረ ወዲህ ከአልጋው የሚያስነሳው ይኸው ድምፅ ብቻ ነበር። እሷ ስትረግጥ ይነሳል፤ ሻይ ይጥዳል፤ አንድ ብርጭቆ ያደርስላታል። ሁለቱም ብዙ አያወሩም።

ሻዩን ሲያደርስ ነው ያየው። መርፌው ክር የለውም። አባቷ ከሞቱ ጀምሮ ባዶውን ነው የምትረግጠው።

ዛሬ ግን ወንድሟ በዛብህ የአባታቸውን የስፌት ሱቅ አዘግቶ፣ እሷንም ሲንጀሩንም ዓለም ባንክ ሰፈር ወዳለው ቤቱ ሊወስድ ይመጣል። «ሥራ የሌለው ሱቅ ምን ያደርግልሻል?» ብሏታል።

ማርቆስ ደህናውን ሱሪ አወጣ። የሁለቱንም እግሮች ቅምቅማት በምላጭ ፈታና ሥራ ይዞላት ሄደ።

«ፋሲ፣ ሱሪዬ ተቀደደ።»

ተቀብላ ጫፉን ዳሰሰችው። ድንገት ጣቷ ቆመ።

«አልተቀደደም፤ ተፈቷል።»

«ያው ነው እኮ...»

«ይሄን ማን እንደሰፋው ረሳኸው?»

ያኔ ትዝ አለው። መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ።

«የአባቴን የእጅ ሥራ በምላጭ ፈታህብኝ?»

«ሥራ እንድታገኚ ብዬ ነው። እንዳትሄጂ። እኔ እኮ... አንቺ ካልረገጥሽ መነሳት አልችልም።»

ቀና ብላ አየችው። ዓይኗ እንባ ሞልቷል፤ የንዴት ይሁን የሌላ አልገባውም።

ውጭ የመኪና ክላክስ ጮኸ። በዛብህ እጅጌውን ጠቅልሎ ገባ።

«እህት ዓለም፣ ተሰናዳሽ? አንተ ማርቆስ፣ ና ባንድ ወገን ያዝ! ለመቆምማ ምሰሶውም ቆሟል!»

ማርቆስ ንቅንቅ አላለም።

ፋሲካ ከመሳቢያው ጥቁር ክር አወጣች። ጫፉን በምራቋ አርጥባ ወደ መርፌው ዓይን ሰደደችው፤ ሳተች፤ ደገመች፤ ገባላት። ሱሪውን ከመርፌው ሥር አስገብታ ረገጠች። ድምፁ ወፈረ፤ ጨርቅ የሚነክስ ድምፅ ሆነ።

«ሰው ጭኖ ሊሄድ ቆሞ አሁን ትሰፊያለሽ?» አለ በዛብህ፤ ሲንጀሩን በአንድ ጠርዝ እንደያዘ።

ፋሲካ መርገጧን ቀጠለች። የሱሪውን አንድ እግር ጨርሳ ሁለተኛውን እኩሌታ ስታደርስ አቆመች። መዘውሩን በእጇ አዞረች። መርፌው ጨርቁ ውስጥ ሰጠመ።

በዛብህ እጁን እንደ ተቃጠለ ሰው ሰበሰበ። መርፌ ጨርቅ ውስጥ ወርዶ እያለ፣ የተጀመረው ስፌት ሳያልቅ ሲንጀር ከቦታው አይነካም፤ አባታቸው ይህን ሲያስተምሩ በልጅነቱ ስንቴ ጣቱን መትተውታል።

«አሁን ይሄ ምን ማለት ነው፣ ፋሲካ?»

ጥቁር ነጠላዋን ከወንበሩ አነሳች። ማርቆስ አጠገብ ስትደርስ ለአፍታ ቆመች፤ ትከሻዋ ትከሻውን ነካ። ከዚያ ያላለቀውን ሱሪ መርፌው ሥር እንደተሰካ ትታ ወጣችና ወደ መድኃኔዓለም ቤተ ክርስቲያን በሚወስደው መንገድ ሄደች።