ሰባተኛው ካሴት

«ወረቀቱን ላጪውና በቃ!» አለች እሌኒ።

ቢሊሴ አልላጠችም። የቪዲዮ ካሴቱን ወደ መስኮቱ አስጠግታ ጽሑፉን ደግማ አነበበች። «ቁጥር 7። ከዋሪቱ ዲንቃ የተወሰደ።» ዋሪቱ እናቷ ናት። የእጅ ጽሑፉንም መቱ ውስጥ የማያውቅ የለም። የእድሩን ማስታወቂያ ሁሉ እንዲህ ፊደሉን ወደ ግራ አጋድመው የሚጽፉት ጋሼ አሰፋ ናቸው፣ የእሌኒ አባት።

ፊልሙን አሁን ገና በኪቲላ ሬዲዮ ጥገና ቤት፣ በከተማው በቀረው አንድ የቪዲዮ ማጫወቻ ዴክ አይተው መጨረሳቸው ነው። ከአስራ ስምንት ዓመት በፊት የትምህርት ቤቱ ድራማ ክበብ በተዋሰው ካሜራ ደን ስለሚጨፈጭፉ ባለሥልጣኖች የሠራው ፊልም ነው። አንዴ ብቻ ታየና ታገደ። ዋናዋ ተዋናይ ዋሪቱ ከአስራ አንደኛ ክፍል ተባረረች። ቢሊሴ ሁለት ዓመት ሙሉ ጎሬና ቡሬ እየተመላለሰች የታገዱ ፊልሞችን ካሴት ስትሰበስብ የምትፈልገው ይሄንን አንዱን ነበር።

«ጎሬ አንድ ሰውዬ ሰጠኝ አላልሽም?»

«ዋሸሁሽ። ከፋዘር ቁም ሳጥን ነው ያወጣሁት። ዘጠኝ ናቸው። አላቃጠላቸውም እኮ! ጥሩ አይደል?»

«ማል ጄቴ? ምን አልሽ? ጥሩ?»

የቢሊሴ ደም ፈላ። ያኔ የትምህርት ቤቱ ምክትል ዳይሬክተር የነበሩት ጋሼ አሰፋ የፊልሙን ቅጂዎች ከየተማሪው እጅ ለቅመው «ተቃጥሏል፣ እርሺው» ብለዋት ነበር እናቷን። እናቷም አምና አልቅሳ ተወችው። ሰውየው ግን እስከ ዛሬ ሱሪያቸውን እሷ ዘንድ ያሰፋሉ፤ «ዋሪቱዬ» እያሉ፣ ሻይ እየተጋበዙ! ምን ዓይነት ዓይን ነው ያላቸው?

«ከላጥሽው ከየት እንደመጣ ማንም አያውቅም» አለች እሌኒ። «እናትሽም አይታው ደስ ይላታል።»

እውነቷን ነው። እናቷ ቤት ለመድረስ አሥር ደቂቃ አይፈጅም። ግን እናቷ «ከየት አገኘሽው?» ማለቷ አይቀርም። ያኔ መዋሸት ነው። ሰኞ ደግሞ ሰውየው ሱሪ ይዘው ይመጣሉ፣ እናቷም ከመቀመጫዋ ብድግ ብላ ትቀበላቸዋለች።

«እንቢ!» አለች ቢሊሴ። ካሴቱን ብብቷ ሥር ከታ ወደ እነ እሌኒ ቤት ገሰገሰች።

«በፈጠረሽ ቢሊሴ! ፋዘር ይገድለኛል!» እሌኒ ከኋላ ትሮጣለች።

ጋሼ አሰፋ በረንዳ ላይ በባዶ እግራቸው ተቀምጠው ሬዲዮ ያዳምጡ ነበር። ካሴቱን ሲያዩ ሬዲዮውን አጠፉት።

«ማን ሰጠሽ?»

ቢሊሴ ወደ እሌኒ አልዞረችም።

«እኔ ነኝ፣ አባዬ» አለች እሌኒ በሩ ላይ ቆማ።

ቢሊሴ ካሴቱን ዘረጋችላቸው። «ከእናቴ እጅ የወሰዱት እርስዎ ነዎት፣ ጋሼ። እርስዎ ይመልሱላት።»

«ልጄ፣ ታዝዤ ነው እኮ። ሥራዬን እንዳላጣ...»

«እሱን ለሷ ይንገሯት።»

«ከቤቷ ብታስወጣኝስ?»

«ታስወጣዎት!»

ሽማግሌው ባዶ እግራቸውን አዩ። «እሺ፣ ነገ ጠዋት...»

«ዛሬ» አለች ቢሊሴ። እጇን አላጠፈችም።

በመጨረሻ ካሴቱን ተቀበሏት። «እሌኒ፣ ጫማዬን አምጪልኝ» አሉ ቀስ ብለው።

እሌኒ ገብታ ቆየች። ስትወጣ በአንድ እጇ የአባቷን ጫማ፣ በሌላው ደግሞ የቀሩት ስምንት ካሴቶች ያሉበት ዘንቢል ይዛ ነበር።