ያልተነሳው አራተኛ ስክሪንሾት

ሚያዝያ ላይ ሸዋሮቢት ስትግል ዶሮ እንቁላሏን ቀቅላ ነው የምትጥለው። ውሸት ነው የሚል ይምጣና ይላጠው። እንዲህ ባለ እሁድ፣ ከቀኑ አስራ አንድ ሰዓት ላይ፣ ኢንስፔክተር አመለወርቅ አስፋልት ዳር ወዳለ አንድ ጌም ቤት ተጠርታ ስትገባ መጀመሪያ ያየችው ሬሳውን ሳይሆን መስኮቱን ነው።

«መስኮቱን ማን ከፈተው?»

«እኔ ነኝ» አለ ካሚል፣ የጌም ቤቱ ሸሪክ። ላቡ ከአገጩ ይንጠባጠባል። «ከእጮኛው ከሐምዲያ ጋር ስንገባ ድርግም ተደርጎ ተዘግቶ ነበር።»

«በዚህ ሙቀት?»

አመለወርቅ የደጋ ሰው ናት። ዝውውር ከጠየቀች ሦስት ዓመቷ ነው፤ የዝውውሩ ደብዳቤም እዚያው መንገድ ላይ ሳይቀልጥ አልቀረም። እዚህ አገር በስምንት ሰዓት ጸሐይ መስኮት የሚዘጋ ጤነኛ ሰው እንደሌለ ግን ከማንም በላይ ታውቃለች።

ሟቹ አንዋር ይባላል፤ ሃያ ስድስት ዓመቱ ነበር። ከወንበሩ አውርደው ምንጣፍ ላይ አስተኝተውታል። ሄድፎኑ አንገቱ ላይ ወርዷል፤ ፊቱ እንቅልፍ እንደጣለው ሰው ቀላ ብሏል። ከክፍሉ በስተጀርባ ጠባብ ኮሪደር አለች። ዘወትር ጓሮ በረንዳ ላይ የሚጮኸው ጄኔሬተር እዚያች ኮሪደር ውስጥ ገብቶ፣ ማብሪያው እንደበራ፣ ቤንዚኑን እስከ ጠብታው ጨርሶ ቆሟል። ከሱ የተነሳ የዲቫይደር ገመድ በጓሮው በር ስር ሾልኮ በረንዳው ላይ ተዘርግቷል። ጫፉ ላይ ምንም አልተሰካበትም።

«መብራት ከሰባት እስከ አስር ሰዓት አልነበረም» አለ ሳጅን ቢላል፣ የአገሩ ልጅ። «ጄኔሬተሩን ራሱ አስገባው፣ ራሱ ዘጋጋው፣ ጭሱ ወሰደው። ከተማው ራሱን አጠፋ ብሎ ወስኖ ጨርሷል። አንቺ ብቻ ነሽ የቀረሽው።»

በሩ ላይ አንዲት እናት ቆመዋል፤ እትዬ ዓሊያ። አላለቀሱም። መጥተው የኢንስፔክተሯን እጅ ያዙ።

«ልጄ፣ ትልቁ ልጄ ሷሊሕ አጣዬ ስትነድ ሱቁ ውስጥ ነደደ። ይሄው ደግሞ ትንሹ። ሁለት ወልጄ ሁለቱንም አጣሁ። የሚመልስልኝ ስለሌለ እሱን አልለምንሽም። ራሱን አጥፍቶ ከሆነ ነው በይኝ፤ ካልሆነም አይደለም በይኝ። አላህ ፊት ምን ብዬ ዱዓ እንደማደርግለት ልወቅ።»

አመለወርቅ ለሰው ቃል መግባት ካቆመች ቆይታለች። የዚያን ቀን ግን ከአፏ አመለጣት። «እነግርዎታለሁ» አለች።

ሰኞ ጠዋት መጀመሪያ ያናገረችው መምህር ተሻለን ነው። ከጎጃም ተመድቦ የመጣ የፊዚክስ አስተማሪ ሲሆን፣ ከማስተማሪያ ክፍሉ ከሚቀርበት ቀን ይልቅ ከጌም ቤቱ የሚቀርበት ቀን ያነሰ ነው።

«አንዋር ምን ነበር የሚጫወተው?»

«አጣዬን።»

«አትቀልድ።»

«እውነቴን ነው! ጡብ በጡብ እየደረደሩ ቤት የሚሠሩበት ጌም አለ። እሱ ሳይቃጠል የነበረውን ሰፈራቸውን ነው ቤት በቤት የሚሠራው። አንድ ቤት ሲጨርስ አራት ስክሪንሾት ያነሳል፤ ፊቱን፣ ቀኙን፣ ግራውን፣ ጓሮውን። በባለቤቱ ስም ፎልደር ይከፍትና ያስቀምጣል። እኛ ጎል ስናገባ ነው ለጉራ የምናነሳው። እሱ ግን እንደ መዝገብ ቤት ሹም ነበር። አራቱን ሳይጨርስ ውሃ እንኳ አይጠጣም።»

«ተጣልታችሁ ነበር አሉ።»

«ጌሙ ላይ የሠራውን የእትዬ ሸዋዬን ቤት በፈንጂ አፈረስኩበት። ለሳቅ ብዬ! እንደ አዲስ መሥራት ጀመረ፤ ሳምንት አላናገረኝም።» ተሻለ ሳቁ መንገድ ላይ ቀረበት። «ሳያናግረኝ ሞተ።»

«ትናንት ስምንት ሰዓት ላይ የት ነበርክ?»

«ከሁለት መምህራን ጋር ትምህርት ቤት ወረቀት ሳርም። እንዲያውም ያን ጊዜ ነው ካሚል ከጀውሃ በቴሌግራም ጉራውን የላከልኝ። አራት ለአንድ! ያቺን ባትሪዋ የሞተ ላፕቶፕ ታቅፎ እንኳ ያበሽቀኛል።»

«ላክልኝ ብልህ?»

«ላፕቶፑን?»

«ስክሪንሾቱን፣ መምህር።»

ሐምዲያን ገበያ፣ የሽንኩርት ክምር ሥር አገኘቻት። የአንዋር እጮኛ ነበረች። እሁድ ከጠዋት እስከ አስር ሰዓት ሚዛን ላይ ቆማ ስለነበር የመሰከረላት ገበያው ሁሉ ነው።

«ወይ እኔን ወይ አጣዬን ምረጥ አልኩት» አለች ሽንኩርት እየላጠች። «አጣዬን መረጠ። ቅዳሜ ደውሎ ምን አለኝ መሰለሽ? ‹ሐምዲያ፣ በሩ የተዘጋው ከውጭ ነው› አለኝ። የጌሙ ወሬ መሰለኝ። ‹እንግዲያው በርህን ታቅፈህ ተኛ› ብዬ ጆሮው ላይ ዘጋሁበት።» ዓይኗን በክንዷ ጠረገች። «ሽንኩርቱ ነው» አለች፤ አመለወርቅም ሽንኩርቱ ነው ብላ ተቀበለቻት።

«አስከሬኑን ስታገኙት ኮምፒውተሩን ማን ነካው?»

«ካሚል። መብራት ሲመለስ ማሽኑ ራሱ በርቶ ነበር። እኔ እሪ እያልኩ ነው፤ እሱ ‹ማሽኑን ላጥፋው› ብሎ ተቀመጠበት። ቆየበት እንጂ።»

ካሚል ሲጠየቅ አልተንተባተበም። የሷሊሕ ሱቅ ሠራተኛ ነበር። ከቃጠሎው በኋላ ከአንዋር ጋር ተሸራክተው ጌም ቤቱን ከፈቱ፤ እራቱን አሁንም እትዬ ዓሊያ ቤት ነው የሚበላው።

«ትናንት ጀውሃ ቤቴ ነበርኩ፣ ኢንስፔክተር። ሐምዲያን በሩ ላይ ያገኘኋት ከዚያ ስመለስ ነው። መብራት ስለሌለ በላፕቶፔ ባትሪ ኳስ ስጫወት ዋልኩ። ለተሻለ የላክሁት ስክሪንሾት ላይ ሰዓቱ አለ፤ ስምንት ሰዓት ከሃያ።»

«ባትሪህ ይህን ያህል ይቆያል?»

«ይቆያል።»

«ጌሙ ውስጥ የሷሊሕም ሱቅ አለ? ማን ሠራው?»

«እኔ። ከእኔ በላይ ማን ያውቀዋል?»

የአንዋር ኮምፒውተር ውስጥ ግን ጌሙ ራሱ ተሰርዟል። የስክሪንሾት ፎልደሮቹ አሉ፤ አርባ አንድ ቤት፣ እያንዳንዱ በባለቤቱ ስም። «ሱቅ» የሚል የለም። የመጨረሻው ፎልደር እንደገና የተሠራው የእትዬ ሸዋዬ ቤት ነው፤ እሁድ ስምንት ሰዓት አካባቢ የተነሳ፤ ፊት፣ ቀኝ፣ ግራ። አመለወርቅ ደጋግማ ቆጠረች። ሦስት ናቸው።

ያን ጊዜ ነው እትዬ ዓሊያ ቤት የሄደችው። እትዬ ዓሊያ የሻሻቸውን ጫፍ ፈትተው የተቋጠረ ፍላሽ መዳፏ ላይ አኖሩላት።

«ከአጣዬ ስንወጣ አንዲት ፎቶ አልያዝንም። ቃጠሎው እንዳይደገም ብሎ ማታ ማታ እየገለበጠ እኔ ጋ ያስቀምጠው ነበር። እኔ መክፈት አላውቅም።»

ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ሁሉንም ጌም ቤቱ ውስጥ ሰበሰበቻቸው። እትዬ ዓሊያ አንዋር በሞተበት ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ ተነሱ የሚላቸው ጠፋ። ቢላል በሩ ላይ ቆመ።

«አንዋር ራሱን አላጠፋም» አለች አመለወርቅ። «አራቱን ሳይጨርስ ውሃ የማይጠጣ ሰው፣ ያውም በፈንጂ የፈረሰበትን ቤት ዳግም ሠርቶ፣ ሦስቱን አንስቶ አራተኛውን ሳያነሳ አይሞትም። ጓሮውን ሊያነሳ ሲዞር ነው እጁ የዛለው። ሄድፎን አድርጓል፤ መስኮቱ ከውጭ ሲዘጋ፣ ጄኔሬተሩም ከበረንዳ ወደ ውስጥ ሲገፋ አልሰማም። ቤንዚን ቤንዚን መሽተት የዚህ ቤት ልማድ ስለሆነ ሽታውም አላነቃውም።»

«ማን ገፋው?» አለ ተሻለ።

«ገመዱን ተከተል። ውስጥ ጭስ እያፈኑ፣ በበር ስር ገመድ ወደ በረንዳ ማሳለፍ ለምን አስፈለገ? ውጭ የተቀመጠ ሰው አንድ ነገር መሰካት ነበረበት።» ስልኳን አወጣች። «ካሚል፣ ይሄ ያንተ አራት ለአንድ ነው። ስክሪንሾት ጌሙን ብቻ አያነሳም፤ ጥጉንም ያነሳል። ሰዓቱ አለ፤ ልክ ነህ። ከሰዓቱ ጎን ያለችውን የባትሪ ምልክት እያት።»

ካሚል አላየም። ተሻለ አንገቱን አስግጎ አየ። «ሶኬት አለባት» አለ ቀስ ብሎ። «ተሰክታለች።»

«በባትሪ ነው የተጫወትኩት ብለሃል። ባትሪህ የሞተ መሆኑን ደግሞ መምህር ሳያስበው ነገረኝ። በዚያ ሰዓት ከዚህ እስከ ጀውሃ መብራት አልነበረም። ጄኔሬተር ያስነሱትን ሆቴሎች ሁሉ ጠይቄያለሁ፤ ያየህ የለም። ጀውሃ ነበርኩ ለማለት ያነሳኸው ፎቶ፣ ጓደኛህን በሚገድለው ጄኔሬተር ላይ ተሰክተህ ያነሳኸው ነው።»

«ለምን ብዬ ነው የምገድለው?» ድምፁ ተሰነጠቀ።

አመለወርቅ ፍላሹን ሰካች። «ሱቅ» የሚል ፎልደር ተከፈተ። ሁለት ስክሪንሾት፤ በሁለቱም ያው ጓሮ፣ ያው የብረት በር። በመጀመሪያው በሩ ከውጭ በኩል መወርወሪያ ተወርውሮበታል። በማግስቱ በተነሳው መወርወሪያው የለም። የሁለተኛው ፋይል ስም «ካሚልን ልጠይቀው» ይላል።

«ለአምስት ዓመት ‹በሩ ክፍት ነበር፤ ሷሊሕ ዕቃ ላውጣ ብሎ ተመለሰ› ስትል ኖረሃል። ጌሙ ላይ ስትሠራው ግን እጅህ የሚያውቀውን ሠራ። በማግስቱ ነቅተህ መወርወሪያውን አወለቅኸው። አንዋር ሁለቱንም ይዞ ነበር።»

የጣሪያው ቆርቆሮ በሙቀት ሲንጣጣ ይሰማል።

«ሁሉም ሲሮጥ ሷሊሕ በፊት በር የወጣ መስሎኝ ነው» አለ ካሚል። የሚናገረው ለመዳፉ ይመስል ነበር። «ያንን በር ማታ ማታ የምዘጋው እኔ ነበርኩ። ወጣሁ፣ ወረወርኩት፣ ሮጥኩ። እጄ ያደረገውን ያወቅሁት ጀውሃ ስደርስ ነው። ወላሂ፣ ጀውሃ ስደርስ! ልመለስ ስል መንገዱ ሁሉ ጭስ ነበር።»

«አንዋርስ?»

«‹እስከ ማክሰኞ ራስህ ለእናቴ ንገራት፤ ያለዚያ እኔ እነግራታለሁ› አለኝ። እጃቸው ላይ ነው እኮ የምበላው! በምን አፌ?»

«እና መግደሉ ቀለለህ።»

እትዬ ዓሊያ ፊታቸውን ሳያዞሩ «ዛሬ ማክሰኞ ነው» አሉ። «ነገርከኝ።»

ቢላል ካሚልን ይዞ ወጣ። አስፋልቱ ላይ ሰው ተሰብስቧል። ከመሀላቸው አንዱ፣ «ምን ቢሉ ያ ልጅ ራሱን ነው ያጠፋው» ሲል እስከ ውስጥ ተሰማ። ሐምዲያ ልትወጣበት ተነስታ፣ ምን እንደምትለው ጠፍቷት ተመልሳ ተቀመጠች።

«ራሱን አላጠፋም?» አሉ እትዬ ዓሊያ።

«አላጠፋም፣ እትዬ።»

«አልሐምዱሊላህ።» ምላሳቸው ላይ የቀረው ይህ ብቻ ነው። ወደ ስክሪኑ ተጠጉ። «ይሄ ነው ሱቁ? የሷሊሕ?»

«እሱ ነው።»

«በሩን ክፈቺልኝ።»

«ፎቶ ነው እኮ፣ እትዬ። አይከፈትም። የሚከፈተው ተሰርዟል።»

«እስቲ ሞክሪው፣ ልጄ።»

አመለወርቅ ብዙ ነፍሰ ገዳይ በጥያቄ አስጨንቃለች፤ ይህን ግን እምቢ ማለት አልቻለችም። ማውሱን ወስዳ መወርወሪያው ላይ አስቀመጠችና ተጫነችው። ቀጭ አለ። እንደገና ተጫነች። ቀጭ።

መብራት ሄደ።

ማራገቢያው እያቃሰተ ቆመ። ሄጄ ጄኔሬተሩን ላስነሳ የሚል ሰው አልተገኘም። እትዬ ዓሊያ መዳፋቸውን ጥቁሩ መስታወት ላይ አኑረው ቆዩ።

«ይሞቃል» አሉ።