ለፈረንጁ የወረደ ሙሾ

ፈረንጁ አልጋው ላይ በጀርባው ተንጋሎ፣ አፉን እንደከፈተ ደርቋል። ጡረታዋ የተቃረበው ኢንስፔክተር ናኢማ አፍንጫዋን በሻሿ ሸፈን አድርጋ ክፍሉን ቃኘችው። መስኮቱ የውጭ ድምፅ እንዳይገባ በስፖንጅ ተጠቅጥቋል። ወለሉ ላይ አመድ የሞላ የከሰል ምድጃ ተቀምጧል። በሩ ግን ከውጭ ተቆልፎ ነው የተገኘው። መቼም ከሰል በር አይቆልፍ!

ሟቹ ሲኞር ካልዶሪ ይባላል። አርባ ዓመት ለአስፈሪ ፊልሞች ሙዚቃ ሲደርስ የኖረ ጣሊያናዊ ነው፤ ሰው በድንጋጤ ሲጮህ እሱ እንጀራውን ይበላል። አዲስ ድምፅ ፍለጋ አሰላ መጥቶ የወይዘሮ አሰፋችን ሰርቪስ ቤት ከተከራየ ሁለት ዓመት ሆነው። ነፍሱን ይማረውና፣ አስተርጓሚውን ገላናን እንኳ በፉጨት ነበር የሚጠራው።

አሁን ገላና እጁ ላይ ካቴና ገብቶለታል፤ የክፍሉ ቁልፍ ኃላፊ እሱ ነዋ።

«ሚስቴ መውለጃዋ ደርሷል» አለ እንባው እየወረደ። «ማን ያርሳታል?»

«ምድጃውን ማን አስገባው?»

«እኔ እንጃ! እሱማ ሲቀርፅ ከሰል ይንጣጣል ብሎ ያስወጣዋል። ትናንት ምሳውን በልቶ ሲተኛ ቁልፉን በሩ ላይ ትቼ ሄድኩ። በቃ!»

ጠረጴዛው ላይ ጮክ ያለ ድምፅ ሲሰማ በራሱ የሚበራ መቅረጫ ነበር። ናኢማ ስትከፍተው ቀጭን የሴት ሙሾ ወጣ። ከሙሾው ኋላ ከሰል ይንጣጣል። በሩ ላይ የቆሙት አከራይዋ ወይዘሮ አሰፋች አማተቡ።

«ይቺማ ውድነሽ ናት! ልብሱን የምታጥበው፣ የሰፈራችን አልቃሽ። ሙሾ ልቅረፅሽ እያለ ስንቴ ለመናት! ‹በደህና ቀን ሙሾ? ሟርት ነው!› ብላ እምቢ አለችው እንጂ።»

ውድነሽ ተጠርታ መጣች። «ባለፈው ሳምንት ሲያሰለቸኝ እሺ ብዬ ቀረፀኝ» አለች ነጠላዋን እያጣፋች። «ትናንት እዚህ ግቢ ዝር አላልኩም።»

ናኢማ ሦስቱንም ክፍሉ ደጃፍ ላይ አቆመቻቸው።

«ልብ በሉ። ሰውየው ከሰል ባለበት አይቀርፅም። እዚህ ግን ከሰሉ ይሰማል። ስለዚህ ውድነሽ፣ እሱ አልቀረፀሽም፤ መሣሪያው ድምፅሽን ሰምቶ ራሱ በራ። ምድጃው የገባው ደግሞ ትናንት፣ እሱ ከተኛ በኋላ ነው። አንቺ ሬሳ በሌለበት ሙሾ አታወርጂም፤ ለምኖሽም እምቢ ብለሻል። እንግዲያው ስታለቅሺ ሬሳው ፊትሽ ነበር። ሞቶ ካየሽው ለምን ጎረቤት አልጠራሽም? ለምንስ በሩን መልሰሽ ቆለፍሽ?»

ውድነሽ አልካደችም።

«አምና ልጄን ስቀብር ከሰው ኋላ ቆሞ ለቅሶዬን ቀዳው። በቀደም ደግሞ ደስ ይበልሽ ብሎ ፊልሙን አሳየኝ። ከመቃብር የወጣች ጭራቅ በእኔ ድምፅ፣ የልጄን ስም እየጠራች ሰው ትበላለች! እሱ ያጨበጭባል። ተኝቶ ሳለ ከሰሉን አስገብቼ ቆለፍኩበት።»

«ታዲያ ለምን አለቀስሽለት?»

«ከፍቼ ሳየው… ወገን የለው፣ ዘመድ የለው። ሰው አይደለም እንዴ? እንዲሁ ይሂድ?»

ወይዘሮ አሰፋች ፊታቸውን አዞሩ። ናኢማ ካቴናውን ከገላና እጅ ፈታች። ወደ ውድነሽ ዞር ስትል የሟቹ ስልክ ጮኸ። ገላና አንስቶ በጣሊያንኛ ጥቂት ተነጋገረና ፊቱ አመድ መሰለ።

«ከሮም ነው። መቅረጫው የቀዳውን በኢንተርኔት ራሱ ይልክላቸዋል። የትናንቱም ደርሷቸዋል። ‹ከሠራው ሁሉ ይበልጣል፤ የአዲሱ ፊልም መክፈቻ እናደርገዋለን› ይላሉ።»

ውድነሽ የልጇን ስም ጠርታ ኡኡ አለችና መሬት ላይ ተደፋች።

ጠረጴዛው ላይ የመቅረጫው ቀይ መብራት ቦግ አለ። ናኢማ ሮጣ ገብታ ገመዱን ነቀለችው። ለካ በባትሪም ይሠራል።