ያለ ጣሳ የተነሣው ሞተር

ሐምሌ 1954 ዓ.ም.፣ እሑድ ረፋድ ላይ የሞተር ሽያጭ ወኪሉ አቶ ገብረመስቀል አርጆ ውስጥ፣ ከአቶ ሞረዳ ወፍጮ ቤት ሞቶ ተገኘ። የአንገት ልብሱ በሞተሩ ቺንጋ፣ ወፍጮውን በሚያዞረው ጠፍር፣ ተጠምጥሞ አንቆታል። አልቃሽ አልነበረም። እውነቱን እንናገር ከተባለ «እሰይ» ያለው ይበዛል።

ክረምት የአርጆን መንገድ መኪና አይደፍረውምና የፖሊስ መርማሪው የመቶ አለቃ ዋጋሪ ከነቀምቴ በበቅሎ መጥቶ ማክሰኞ ደረሰ። የአርጆው አምሳ አለቃ ባለ ወፍጮውን ሞረዳን አስሮ ጠበቀው።

«ነገሩ ቀላል ነው ጌታዬ» አለ አምሳ አለቃው። «አምና ነሐሴ 6 ቀን የዚህ ሞተር መዘውር ፈንድቶ ሠራተኛውን ባቻን ገደለው። ሞረዳ ሻጩን ገብረመስቀልን ከሰሰ። ሻጩ ግን፣ ዋስትና የሰጠሁት የሞተሩ ማኅተም ካልተከፈተ ነው፣ ተከፍቶ ስለተገኘ ለአደጋው ኃላፊ አይደለሁም ብሎ ረታው። ሞረዳም፣ ይህ ሞተር አንተንም ይበላሃል ብሎ ችሎት በር ላይ ዛተ። ይኸው በላው።»

«ሟቹ ቅዳሜ ከነቀምቴ ምን ሊያደርግ መጣ?»

«ሞረዳን፣ ከእንግዲህ ጥያቄ የለኝም ብለህ ፈርም ሊለው። የራሱ መካኒክ ዘነበም አብሮት ነበር።»

«ሞተሩ ሲገኝ ይሠራ ነበር?»

«ጠፍቶ ነው ያገኘነው።»

«ሞቶ ሞተር የሚያጠፋ ሰው አላውቅም» አለ ዋጋሪ፤ ወደ እስረኛው ገባ።

«አካም ጅርቱ፣ ኦቦ ሞረዳ?» ሲል በኦሮምኛ ሰላም አላቸው።

«ገመዱ አንገቴ እስኪገባ አለሁ» አሉ ሽማግሌው። «ብገድለው አይቆጨኝም ነበር። ግን አልገደልኩም፤ ቤተ ክርስቲያን ነበርኩ። ማኅተሙንም አልነካሁም።»

«ወፍጮው ሲነሣ አልሰሙም?»

«የእኔ ወፍጮ ሲነሣ ማን ሳይሰማ ይቀራል? የጭስ ማውጫው ላይ ጣሳ በብሎን አስሬበታለሁ፤ ቷ ቷ እያለ እስከ ማዶ ይጣራል። እህል ያለው እሱን ሰምቶ ይመጣል። እሑድ ጣሳ አልጮኸም። የጭነት መኪና ሲያልፍ ብቻ ሰማን።»

ዋጋሪ ተነሥቶ ወጣ። ወፍጮ ቤቱን ሲፈትሽ ጣሳው ግድግዳ ሥር ተቀምጦ አገኘው። ውስጡ አራት ብሎኖች አሉ፤ አንድም አልጎደለ።

የባቻ ሚስት ዓባይነሽ ከል እንደለበሰች ናት፤ ባሏ ከሞተ ዓመት ሊሞላ ነው።

«ደስ ብሎኛል፣ አልዋሽዎትም» አለች። «የገደለውን ባገኘው እግሩን አጥቤ እስመው ነበር።»

«መካኒኩን ታውቂዋለሽ?»

«ዘነበን? የእናቴ ልጅ ነው፤ ኪራሙ አብረን ነው ያደግነው። ያ ገብረመስቀል ደብቆት የባቻን ሞት የነገርኩት እኔ ነኝ፣ ነቀምቴ ድረስ ሄጄ።»

«እሑድ የት ነበር?»

«በቅሎ ላስግጥ ብሎ ከቤተ ክርስቲያን ቀረ። ስመለስ ግን በቅሎዎቹ ጓሮዬ እንደታሰሩ ናቸው፤ ሣር ያጨድኩላቸው እኔ ነኝ።» ክፉ አላሰበችም፤ ያየችውን ተናገረች።

ዘነበ የሠላሳ ዓመት ሰው ነው፤ እጁ ጥንቅቅ ያለ።

«እንዲያው ይህ ጣሳ ጉዳት አለው?» አለው ዋጋሪ ዋዛ አስመስሎ።

«ሞተር ያፍናል፤ የሽያጭ ውሉም ይከለክላል። እኔ የትም ባገኘው ሳላወልቅ ሞተር አላስነሣም።»

ከሰዓት ዋጋሪ ሁሉንም ወፍጮ ቤት ሰበሰበ።

«እሑድ የጭነት መኪና ሰማን ብላችኋል» አለ። «በሐምሌ አርጆ መኪና አይገባም። የሰማችሁት ይህንኑ ሞተር ነው፣ ያለ ጣሳ። ድምፁን ለመደበቅ የፈለገ ሰው ጣሳውን በዱላ መትቶ ይጥለው ነበር። ይኼኛው ግን አራቱን ብሎን ፈትቶ፣ እንዳይጠፉ ጣሳው ውስጥ ሰብስቦ አስቀመጠ። ሰው ሊገድል መጥቶ እንኳ እጁ ልማዱን አልረሳም። እንዲህ የሚያደርግ መካኒክ ነው። በቅሎ ላስግጥ ያለውም በቅሎዎቹን አልፈታም።»

«ለምን እገድለዋለሁ?» አለ ዘነበ።

ዋጋሪ ከነቀምቴ ይዞት የመጣውን፣ ከችሎቱ መዝገብ የተገለበጠ ወረቀት አወጣ። «ሞረዳ የተረታው በዚህ ባንተ ምስክርነት ነው። ማኅተሙ ተከፍቶ አይቻለሁ ይላል፤ ነቀምቴ ተጻፈ፣ ነሐሴ 7። አደጋው አርጆ፣ ነሐሴ 6። በበቅሎ ሄዶ ለመመለስ ሦስት ቀን ይፈጃል። ማኅተሙን ሳታይ ነው የፈረምከው።»

ዘነበ አልካደም። «ገብረመስቀል፣ በስልክ ሰማሁ፣ ሞተሩ ተሰብሯል፣ ሰው አልተጎዳም አለኝ። አምኜው ፈረምኩ። የሞተው ባቻ መሆኑን ስሰማ ዓይኔ ደም ለበሰ። ዓመት ሙሉ ቀን ጠበቅሁ። እሑድ ሞተሩን እንይ ብዬ ወሰድኩት፤ ጎንበስ ሲል የአንገት ልብሱን ቺንጋው ላይ ጣልኩበት። ለባቻ ነው። አልጸጸትም።»

ይህን ሲል ወደ እህቱ ዞረ። ምስጋና ጠብቆ ነበር፣ ምስኪን።

«የፈረምከው አንተ ነህ?» አለች ዓባይነሽ።

«አታሎኝ ነው።»

«ከዚያስ? ባሌ ማኅተም ከፍቶ ራሱን በላ እየተባለ ሲታማ ከቤቴ ትገባ ትወጣ ነበር። ወረቀቱ ሐሰት ነው ለማለት አንድ ቃል ይበቃህ ነበር። ከመናገር መግደል ቀለለህ?»

«እንዳልታሰር ፈራሁ» አለ ዘነበ፤ አንገቱን ደፋ።

ዋጋሪ ሞረዳን እንዲፈቱ አዘዘ። ሽማግሌው እጃቸውን እያሻሹ ከበሩ ቆሙ፤ አልሄዱም።

«የመቶ አለቃ» አለች ዓባይነሽ፣ «ለገብረመስቀል ከሳሹ መንግሥት ነው፣ አይደል?»

«ነው።»

«ለሐሰት ፊርማው ከሳሽ እኔ ነኝ። ይጻፉልኝ።»

«ወንድምሽ እኮ ነው፤ ስቅላት ይጠብቀዋል።»

«ለዚያኛው ይሰቀል ይሆናል። ከዚያ በፊት ግን ነቀምቴ ችሎት ቆሞ፣ ማኅተሙን አላየሁም፣ ባቻ ጥፋት የለበትም ይበል። ሳይል እንዳይሞትብኝ።»

ዘነበ ስሟን ጠራት። አልመለሰችለትም፤ ዋጋሪ ክሱን ጽፎ እስኪጨርስ ቆማ ጠበቀች።