ውሃ የማይጠጣው እጀ ጠባብ

ብረት የለም።

አልታየች የፈረንጁን ነጭ ጥብቆ ከአንገቱ እስከ ወገቡ ሁለት ጊዜ ዳበሰችው። ብብቱን ጨመቀችው፤ የአዝራሮቹን ሥር በጥፍሯ ፈለፈለች፤ ደረቱን ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ዘርግታ በእግሯ ረገጠችው። ቅጭል የሚል ነገር የለም። ጥጥ ነው፤ ከጥጡ ሥር ሌላ ጥጥ፤ ከዚያ ሥር ደግሞ ፈረንጁ ራሱ የጠቀመው የሚመስል ጠማማ ስፌት።

«አገኘሽው?» አሉ አጎቷ ገብረ ጻድቅ። ውሃው እንዳይረጫቸው ከወንዙ ራቅ ብለው ቋጥኝ ላይ ተቀምጠዋል።

«ምንም የለም፣ አጎቴ።»

«ደህና አድርገሽ ፈትሺ! ስምሽ አልታየች አይደል? ሳትታዪ የምታዪበት ቀን ዛሬ ነው።» በቀልዳቸው ራሳቸው ሳቁበት፤ ሌላ የሚስቅ አልነበረም።

ዘዴው የሳቸው ነው። ነገ፣ በአስተርእዮ ማርያም ዕለት፣ የአልታየች ታላቅ ወንድም ዘርአ ዳዊት ከጣልያኑ ከሙሴ ፓውሎ ጋር የሻምላ ግጥሚያ አለው። ሙሴ ፓውሎ ከአንኮበር በታች ወደ ሰፈሩት ፈረንጆች ከመጣ ሁለት ወር አልሞላውም፤ በአገሩ ግን ስመ ጥር ሰይፈኛ ነው ተብሏል። ባለፈው ሳምንት አጎቷ «ይህ ሰው ሲራመድ ይከብደዋል፤ ከጥብቆው ሥር ብረት አለ» ብለው ጀመሩ። ወሬው ገበያውን ዞሮ ወደ ቤታቸው ሲመለስ ብረቱ ጥሩር፣ ሙሉ የብረት ልብስ፣ ሆኖ ነበር፤ ጥሩሩም ድግምት ተደግሞበታል። ስለዚህ አስተርጓሚውን ታመነን ጠርተው «እንግዳ ክቡር ነው፤ ለበዓሉ ልብሱን እኛ እናጥብለት» አሉት። ፈረንጁ ደስ ብሎት ሰጠ። «እግዜር ስጥልኝ» አለ፤ ማን ለማን እንደሚሰጥ ሳይለይ።

ያን ጊዜ፣ እንጦጦ ገና በተቆረቆረችበት ሰሞን፣ ልብስ ማጠብ የወንድ ሥራ ነበር። የዘርአ ዳዊት እጅ ግን ሻምላ ከጨበጠ ወዲህ ለእንዶድ አልመች አለ። መጀመሪያ መዳፉ ቆሰለ፤ ቀጥሎ ክንዱ ዛለ፤ በመጨረሻ ጭራሽ የወንዙን መንገድ ረሳው። ጀግንነት መጀመሪያ የሚያድነው ከሥራ ነው። አልታየችም በአሥራ አራት ዓመቷ የቤቱ አጣቢ ሆና ቀረች።

አጎቷ ተስፋ ቆርጠው ወደ ላይ ሲወጡ፣ የወንድሟን እጀ ጠባብ ከቅርጫቱ አወጣች። ይህን እጀ ጠባብ አጥባው አታውቅም። ዘርአ ዳዊት «የግጥሚያዬን ልብስ እንዳትነኪ፤ ዕድሌ ይታጠባል» ይል ነበር። ዛሬ ግን እሱ ልምምድ ላይ ሳለ እናታቸው ወለተ ጊዮርጊስ «ለማርያም ነጭ ይልበስ፤ ዕድል በእድፍ አይጸናም» ብላ ከመስቀያው አውርዳ ሰጠቻት።

ነከረችው። እጅጌው ጠጣ፤ ጀርባው ጠጣ። ደረቱ አልጠጣም። ውሃው እንደ ዶቃ እየተንከባለለ ወረደ። የእንዶዱን አረፋ አሸችበት፤ አረፋው ሸተት ብሎ ሄደ። የግራ ትከሻውም እንዲሁ። ጨርቁን ወደ አፍንጫዋ አስጠጋችው። ይህን ሽታ ታውቀዋለች። እናቷ ለደብሩ ጧፍ ስለምታበጅ ቤታቸው ከግድግዳ እስከ ጣሪያ የሚሸተው ይህንኑ ነው።

ሰም።

የግጥሚያውን ደንብ አንኮበር ውስጥ የማያውቅ የለም። ተጋጣሚዎቹ ስለት አይዙም፤ የሚይዙት በሻምላ ልክ የተቆረጠ የወይራ በትር ነው። የበትሩ ጫፍ በጥጥ ይጠቀለልና ደብተራዎች የቅዱሳንን ስም በሚጽፉበት ቀይ ቀለም ይነከራል። ነጭ ልብሱ ላይ ቀድሞ ሦስት ቀይ ምልክት ያረፈበት ተረታ። ዘርአ ዳዊት አምና ደብረ ብርሃን ሜዳ ላይ አንድ የግሪክ ነጋዴ ረታ። በጥቅምት ደግሞ እዚሁ አንኮበር አንድ አርመን ረታ። በአርመኑ ጊዜ ልብሱ ላይ አንዲት የቀለም ነጥብ አልተገኘችም። ሰዉ «ወንድምሽን ዝንብም አትነካው» ሲላት፣ የአልታየች አንገት በኩራት አንድ ጣት ያህል ረዝሞ ሰነበተ።

ነገ ከረታ ደግሞ ከነጋዴ ጋር ወደ ባሕር ይወርዳል። ከየአገሩ የመጡ ሰይፈኞች በሚገጥሙበት በጣልያን አገር፣ ስሙን የማያውቅ ሰው ሁሉ ፊት ይቆማል። ሙሴ ፓውሎ ራሱ «ከረታኝ ይዤው እሄዳለሁ» ብሎ ቃል ሰጥቷል።

ወደ ቤት ስትወጣ ዳገቱ ረዘመባት። ማን ቀባው? አጎቷ ይሆኑ? ብረት ብረት እያሉ የሚጮኹት የቤታቸውን ጉድ ለመሸፈን ይሆን? ወይስ እናቷ? እሷ ብታውቅ ኖሮ ልብሱን አውርዳ ባልሰጠቻት። ወይስ የሰጠቻት እንደምታውቅ እንዳይታወቅባት ነው? እዚህ ላይ ስትደርስ በራሷ አፈረች። ጥርጣሬ እንደ ቅማል ነው፤ አንዱን ካገኙ በኋላ ገላ ሁሉ ያሳክካል።

እናቷ የጧፍ ክር እየሳበች ነበር።

«እማዬ፣ ሰም ጎድሎብሻል?»

«ጎድሎብሻል ትለኛለች! አለቀብኝ እንጂ። ከጥቅምት ጀምሮ ድቡልቡሉ እየሳሳ ነው። አይጥ ነው።»

«አይጥ ሰም ይበላል?»

«የአንኮበር አይጥ ምን የማይበላው አለ? እንኳን ሰም፣ ዝም ካልሽው ደወሉንም ይበላል።» ክሯን ሰብስባ ተነሣች። «በይ ቤቱን ጠብቂ፤ ጧፉን ለደብሩ ገበዝ አድርሼ እመጣለሁ።»

ከጥቅምት ጀምሮ። አልታየች እርጥቡን ልብስ ይዛ ወደ ጓሮ ወጣች፤ ጥብቆውንና እጀ ጠባቡን አጥሩ ላይ ጎን ለጎን ሰቀለቻቸው።

ዘርአ ዳዊት ሲመጣ ፀሐይ ገና አልጠለቀችም። ቤት ገብቶ መስቀያውን ባዶ ሲያይ እየተንደረደረ ወደ ጓሮ ወጣ።

«እጀ ጠባቤስ?»

«አጠብኩት። ገና አልደረቀም።»

«እሱ ቶሎ ነው የሚደርቅ» አለና አፉን ገጠመ።

«ለምን ቶሎ ይደርቃል?»

«ነፋስ አለ አይደል እንዴ?»

«የፈረንጁም ጥብቆ ያው ነፋስ ላይ ነው። አየኸው፣ ይንጠባጠባል።»

ዘርአ ዳዊት ጥብቆውን አላየም። «ብረቱስ?» አለ።

«የለውም። ጥጥ ብቻ ነው። ስፌቱን ብታየው ደግሞ ታዝንለታለህ።»

ደስ ይለዋል ብላ ጠብቃ ነበር። ፊቱ ግን ጠቆረ። ለካ ብረቱ እንዲኖር ከማንም ይበልጥ የፈለገው እሱ ኖሯል።

«ቁጭ በይ» አላት።

«ቆሜ እሰማለሁ።»

«አርመኑን ከግጥሚያው በፊት ሲለማመድ አይቼው ነበር። እጁ እንደ እባብ ምላስ ነው። በየት ወጥቶ በየት እንደሚገባ አይታይም። እህል አልወርድ አለኝ፣ አልታየች።»

«ከዚያ የእማዬን ሰም ሰረቅህ።»

«ወሰድኩ።»

«የታቦት ጧፍ የሚሠራበትን።»

«ቀስ በይ! ሰው ይሰማል።»

«አርመኑ ስንቴ ነካህ?»

«እኔ እንጃ።»

«ታውቃለህ።»

ዘርአ ዳዊት ከአጥሩ ላይ አንድ እሾህ ሰበረ። «አራቴ» አለ።

«ሦስት ይበቃው ነበር» አለች።

ጎረቤት ፍየል ይጮኻል።

«አጎቴ ያውቃሉ?»

«አያውቁም። ብረት እያሉ የሚጮኹት ከልባቸው ነው።»

«ግሪኩንስ?»

«ግሪኩን በእውነት ነው የረታሁት። በማርያም!»

አልታየች ልታምነው ፈለገች። ያን ጊዜ ደብረ ብርሃን ድረስ በእግሯ ሄዳ፣ ከሰው ትከሻ በላይ እየዘለለች እያንዳንዷን ምት አይታለች። አንዷንም አልረሳችም። አሁን ግን ምቶቹን ስታስታውስ ዓይኗ በትሩን ትቶ የወንድሟን ደረት ይፈትሻል።

«ስሚኝ» አለ ዘርአ ዳዊት ጠጋ ብሎ። «ነገ አጎቴ በዳኛው በባሻ ብርሃነ መስቀል ፊት ይጠይቁሻል። ብረት አለው በይ። በቃ፣ ግጥሚያው ይቀራል። እኔም ሰው አላታልል፣ እሱም አይረታኝ።»

«ሰውዬውስ?»

«ፈረንጅ ነው፤ አገሩ ይገባል።»

«ስሙስ?»

«ስሙን እዚህ ማን አስተካክሎ ይጠራዋል?»

«ባልልህስ?»

«ካላልሽማ ያንኑ እለብሰዋለሁ» አለና እጀ ጠባቡን በአገጩ አመለከታት። «ምርጫው ያንቺ ነው።» ምርጫውን ለእሷ ጥሎ እሱ ራት ሊበላ አጎቱ ቤት ሄደ።

አልታየች እጀ ጠባቡን እያየች ቆመች። ብረት አለው ብትል ማንም አይጎዳም፤ ስፌት ከማያውቅ አንድ እንግዳ በቀር። ሰዉ ሁሉ እንዲያ እንድትል ነው የሚጠብቀው፤ አጎቷ እንዲያውም ይስሟታል። ወንድሟም በማንም ያልተረታ እንደሆነ ይቀራል።

ቤት ገባች። እናቷ ሰም የምታቀልጥበትን ድስት ውሃ ሞልታ ጣደች። ሲንተከተክ እጀ ጠባቡን ጨመረች፤ በእንጨት እያገላበጠች ቀቀለችው። ሰሙ ቀልጦ ላይ ሰፈፈ። ልብሱን አውጥታ ውሃው ሲበርድ፣ የረጋውን ስስ ቂጣ የመሰለ ሰም አነሣችና ወደ እናቷ ቅርጫት መለሰችው። አይጡ መልሷል።

ጠዋት አንኮበርን ጭጋግ ውጧታል። ዘርአ ዳዊት እጀ ጠባቡን ሲያነሣ ደረቱ ላይ ጨመቀው። ውሃ በጣቶቹ መካከል ወረደ።

«ምን አደረግሽ?»

«አጠብኩት።»

«ጨረስሽኝ። ሌላ ነጭ የለኝም እኮ።»

«አውቃለሁ።»

ሊመታት መሰላት። አልመታትም። ልብሱን ይዞ እናታቸው ሰም ወደምታስቀምጥበት ጓዳ ገባ፤ በሩንም ገጠመው። አልታየች ውጭ ቆማ ጠበቀች። ድምፅ የለም። ሲወጣ ጋቢውን እስከ አገጩ ተከናንቦ ነበር፤ ከሥሩ ምን እንዳለ አይታይም። እሷም አልጠየቀችም፤ ቢመልስላትም አታምነውም ነበር።

ሜዳው ላይ ሰው ሞልቷል። ሙሴ ፓውሎ በደንብ ያልደረቀ ጥብቆውን ለብሶ በብርድ እየተንዘፈዘፈ አልታየችን ሲያያት እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ እጅ ነሣት። ባሻ ብርሃነ መስቀል ድንጋይ ላይ ተቀምጠዋል።

«በይ እንጂ የኔ ልጅ፣ ለባሻ ንገሪ!» አሉ አጎቷ ሰው ሁሉ እንዲሰማ። «ብረቱን አገኘሽው፣ አላገኘሽውም?»

ዘርአ ዳዊት መሬት መሬት ያያል።

«ብረት የለውም» አለች አልታየች። «ጥጥ ነው።»

«ደህና አልፈተሸችም!»

«በእግሬ ረግጬዋለሁ፣ አጎቴ። ሰው ቢሆን ኖሮ ይናዘዝ ነበር።»

ሜዳው በሳቅ ተናጋ። ታመነ ሲተረጉምለት ሙሴ ፓውሎም ሳቀ፤ ልብሱ ለምን እንደታጠበለት የገባው አሁን ሳይሆን አይቀርም።

ባሻ እጃቸውን አነሡ። «ሐሜቱ ይብቃ። ዛሬ ቀለም ብቻ አይዳኝም። ለእያንዳንዱ ተጋጣሚ ዓይን የሚሆነው አንድ ሰው ይቁምለት። የባላጋራው በትር በቆመለት ሰው ላይ ሲያርፍ ያየ፣ ቀለም ቢታይም ባይታይም ‹ነካ› ይበል። ዓይኑን ተጋጣሚው ራሱ ይምረጥ፤ የመረጠው የሚለውን ግን አይገፋም።»

ሙሴ ፓውሎ ታመነን መረጠ። አጎቷ ጋቢያቸውን አስተካክለው ወደ ፊት ወጡ። «ለኛ ልጅ እኔ አለሁ!»

«አይሆንም፣ አጎቴ» አለ ዘርአ ዳዊት። «አልታየች ትቁምልኝ።»

«ሴት ልጅ?»

«ዓይን አላት?» ሲሉ ጠየቁ ባሻ።

«አላት፣ ባሻ። ከልክ በላይ።»

አልታየች ወደ እሱ ሄደች። ጋቢውን አውልቆ ክንዷ ላይ አኖረው። ደረቱ ላይ የሚያብለጨልጨው ውሃ ይሁን ሰም ከጭጋጉ የተነሣ አልለየላትም። ጣቷን ዘርግታ ብትነካው ታውቃለች። ጣቷን ሰበሰበች።

«ካየሁ እናገራለሁ» አለችው በቀስታ።

«ለዚሁ ነው» አለ።

በትሮቹ ተነከሩ፤ ባሻ «በሉ!» አሉ። ዘርአ ዳዊት ወደ ፊት ገባ፤ ፈረንጁ አንድ እርምጃ አፈገፈገ፤ ሁለቱ በትሮች ተጋጩ፣ ተላቀቁ። ከዚያ የፈረንጁ እጅ ለዓይን ሳይሞላ ሄዶ ተመለሰ። «ሳተው!» ብሎ ሜዳው ጮኸ፤ ከሁሉም በላይ የአጎቷ ድምፅ ይሰማል።

«ነካ» አለች አልታየች፣ ቀለሙ በወንድሟ ደረት ላይ ይያዝ አይያዝ ለማየት ሳትጠብቅ።

ዘርአ ዳዊት ዞሮ አላያትም። በትሩን አስተካክሎ ያዘ።